እግር የማይረግጠው ቦታ

መሬት ስረግጥ ዛሬም ቀስ ብዬ ነው። ልጆቼ ይስቁብኛል። «እማዬ፣ መሬቱን ያመዋል እንዴ?» ይሉኛል።  ልጅ ታቅፌ ስተኛበት የኖርሁት መደብ አንድ ማለዳ በቦታው አልነበረም። ይህን ያየ ሰው እንደ ሌላው አይራመድም። ብዙ መናገር አልወድም፤ ነገር ግን እግዚአብሔር ያደረገልኝን ሳልናገር ብሞት ምስጋና ቢስ እሆናለሁና እጽፈዋለሁ።

ዛሬ ናዝሬት የሚባለው ከተማ ያን ጊዜ አዳማ ነበር። ከተማ ማለትም ያስቸግራል፤ የባቡር ጣቢያው፣ ጥቂት የዓረብ ሱቆችና ገበያው ነበሩ፤ ከዚያ ወዲያ ግራርና አቧራ ነው። ጊዜው ጣልያን ከመምጣቱ ጥቂት ዓመታት ቀደም ይላል። ባለቤቴ ሐዲድ ጠጋኝ ስለ ነበር አብዛኛውን ጊዜ የሚውለው የሚያድረው በአዋሽና በመተሐራ በኩል ነበር። ቤታችን ወደ ቦኩ በሚወስደው መንገድ ዳር ያለች አንድ ክፍል የጭቃ ቤት ናት። እኔና አማቴ፣ የባለቤቴ እናት፣ እንኖርባት ነበር።

ከዚያ በፊት ሁለት ልጆች ወልጄ ሁለቱንም ቀብሬያለሁ። የመጀመሪያዋን ኩፍኝ ወሰዳት። ሁለተኛው ወንድ ነበር። ገና ዐርባ ቀኑ ሳይሞላ፣ ክርስትና ሳይነሣ፣ አንድ ቀን የቤታችን ክዳን በዝናብ ቢያፈስ ይዤው ወደ ጎረቤት ወጣሁ። ብዙም ሳይቆይ ሞተ። አራስ ከቤቷ አትወጣም፤ እኔ ወጥቻለሁ። ሰው ሁሉ በዚያ ነው አለ። አማቴ አላሉም። አለማለታቸው ግን ከሰዉ ንግግር ሁሉ ይከብደኝ ነበር። ስለዚህ ሦስተኛዋን በፀነስሁ ጊዜ ክርስትናዋ ሳይደርስ አንድ እግሬ ከደጅ እንዳይወጣ ለራሴ ቃል ገባሁ።

ፈረንጆቹ የመጡት በዚያው ዓመት ነው። በባቡር መጡ፤ ሣጥን፣ ድንኳን፣ ብዙ ጥቅል ሽቦ ይዘዋል። ከፊሎቹ ወደ ሞጆ፣ ከፊሎቹ ወደ መቂና ወደ ዝዋይ ሄዱ። እኛ ዘንድ የሁሉም አለቃ የሆነው ነጭ ጢም ያለው ሽማግሌ ቀረ። አብሮት ሐረር ያደገ፣ ቀልድ የማያልቅበት አስተርጓሚ ነበር።

የምን ሥራ እንደሆነ ያስረዳን ይኸው አስተርጓሚ ነው። ጎረቤቴ ጠየቀችው። ጎረቤቴ እዚያው አዳማ የተወለደች፣ በዕድሜ የምትበልጠኝ፣ ለባቡር ተሳፋሪ ወተት የምትሸጥ ባልዋ የሞተባት ሴት ናት። ኦሮምኛውንም አማርኛውንም እኩል ትናገራለች፤ እኔን «ኢንተላ ኮ» ትለኛለች፣ ልጄ ማለቷ ነው።

«ከመሬት በታች የሚሄድ ኃይል አለ» አላት።

«እሳት ነው?»

«እሳት አይደለም።»

«ውሃ ነው?»

«ውሃም አይደለም።»

«እንግዲያው ጋኔን ነው በለና! ምን ያስፈራሃል?»

በመንገድ ላይ የነበረው ሁሉ ሳቀ። እሱም ሳቀ። ከዚያ እጁን ዘርግቶ የክንዱን ደም ሥር አሳያት።

«ይኸውልሽ፣ ምድርም እንዲህ አላት። ልዩነቱ የሷ መንገዱን በየዘመኑ ይለውጣል። በአያቶቻችሁ ጊዜ የት እንደ ነበር፣ ዛሬ የት እንዳለ፣ በልጆቻችሁ ጊዜ የት እንደሚሆን፣ ሽማግሌው ይህን በካርታ ሊያወጣ ነው የመጣው።»

«ኃይሉስ ምንድን ነው?»

«እሱን እሱም አያውቀውም» አለ አስተርጓሚው።

ይህን ሲል አልቀለደም። እኔ እዚያ ቆሜ ነበር፤ ሆዴን በሁለት እጄ ያዝሁት።

ሽማግሌው ሥራውን የጀመረው ከሰው ነው። የአገሩን አዛውንቶች ግራር ሥር ሰብስቦ ይጠይቃል። ቦኩ ላይ ዛሬም እንፋሎት ከመሬት ይወጣል፤ ወገቡን የታመመ ሰው እየሄደ ይታጠናል። ሶደሬ ፍል ውሃ አለ። ሽማግሌው የሚፈልገው ግን የዛሬውን ብቻ አልነበረም። በአባታችሁ ጊዜ እንፋሎቱ የት ነበር? በአያታችሁስ? አንዱ አዛውንት አያታቸው ፍየል የቀቀሉበትን ጉድጓድ አሳዩት፤ ዛሬ ሣር በቅሎበታል። ሌላው አባታቸው ሙቀት ፈርተው ቤት ያፈረሱበትን ቦታ አሳዩ፤ ዛሬ ቀዝቅዟል። ሽማግሌው የአያቶችን ዘመን በቀይ፣ የአባቶችን በሰማያዊ፣ የዛሬውን በጥቁር ቀለም ያሰምራል። ካርታውን አንድ ቀን ለሕዝብ ዘርግቶ አሳየ። ሦስቱ መስመሮች ጎን ለጎን ሆነው፣ ከቦኩ በኩል ወደኛ፣ ወደ ሜዳው ይጠጋሉ። እንደሚራመድ ሰው።

ቀጥሎ ዘንጎቹ ተተከሉ። የመዳብ ዘንግ መሬት ውስጥ ይገባል፤ ከዘንጉ ሽቦ ይወጣል፤ ሽቦው መስተዋት ካለው ሣጥን ጋር ይገናኛል። በመስተዋቱ ውስጥ መርፌ አለች። ኃይሉ ሲበረታ መርፌዋ ወደ ላይ ትነሣለች። ዘንጎቹ ብዙ ነበሩ፤ በየሰፈሩ፣ በየጓሮው ተተከሉ። አንዱ ከቤቴ ጀርባ፣ ከምተኛበት መደብ ግድግዳ ወዲያ ሆነ። እያንዳንዱ ዙሪያውን በእሾህ ታጠረ። ትእዛዙ አንድ ነው፤ ሰውም ከብትም እግሩን እንዳያስገባ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልናገር። እኛ ጠበል ጠጥተን፣ ልጅ ረጭተን የተረፈንን የትም አንደፋውም። እግር የማይረግጠው ቦታ ተፈልጎ ነው የሚፈሰው። በአዳማ ሜዳ እንዲህ ያለ ቦታ ከየት ይመጣል? ከብቱ፣ ግመሉ፣ ገበያተኛው ያልረገጠው መሬት የለም። ስንቸገር ኖረን ፈረንጁ፣ እግዚአብሔር ይስጠውና፣ አጥሮ ሰጠን። የበዓል ዕለት ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ፣ ሁላችንም በየአቅራቢያችን ባለው ዘንግ፣ በእሾሁ ላይ አሳልፈን ጠበላችንን እናፈስስ ነበር። እኔም ከጓሮዬ ባለው አፈስስ ነበር። ይህ ከፈረንጁ ሥራ ጋር ይገናኛል ብሎ ያሰበ አንድም ሰው አልነበረም።

በሚያዝያ መጨረሻ ሴት ልጅ ወለድሁ። ጤነኛ ናት። እልልታው ሲሰማ እኔ አለቀስሁ። አማቴ መደቡን በሣርና በአጎዛ አደላድለው አስተኙኝ፤ ማጭድ ከትራሴ ሥር አስገቡ። አራስ ብረት ከራስጌዋ አይለይም። ሴት ልጅ የወለደች ሰማንያ ቀን ቤተ ክርስቲያን አትገባም፤ ክርስትናውም በዚያ ቀን ነው። ገንፎዬን እየበላሁ፣ ልጄን እያጠባሁ፣ ያን ቀን መጠበቅ ያዝሁ።

ዜናውን ያመጡልኝ የነፍስ አባቴ ናቸው። ቤቱን ጠበል ሊረጩ መጥተው፣ ጸሎቱን ጨርሰው፣ ደጃፉ ላይ ቆሙ። 

«ልጄ፣ ሰምተሻል?»

«ምን ሰማሁ አባ?»

«የፈረንጁ መርፌ በበዓል ትነሣለች! በሥላሴ ትነሣለች፣ በሚካኤል ትነሣለች፣ በማርያም ትነሣለች፣ ከዚያ ትተኛለች። ሰውዬው ኃይሉ የራሱ ቀን መቁጠሪያ አለው እያለ ያለቅሳል አሉ። የእኛ ወር እኮ ነው! ምድር ራሷ በዓል ታከብራለች።»

 የተኛሁበትን መደብ በመዳፌ ዳሰስሁት። ከሥሬ ያለው መሬት በማርያም ቀን እንደኔ ይነሣል? ልጄን አቅፌ አማተብሁ። ከዚያ ቀን ጀምሮ መሬቱን እንደ ሰው ማሰብ ያዝሁ።

ይህ ደስታ ግን ማስጠንቀቂያ ይዞ መጣ። ከጥቂት ሳምንት በኋላ አስተርጓሚው ከደጅ ሆኖ ለአማቴ ተናገረ። ሽማግሌው ኃይሉ እየበረታ ወደ ሜዳው እየገባ ነው፣ ክረምቱ ሲጠና መሬቱ አይታመንም፣ በመስመሩ ላይ ያሉ ቤቶች ሰዉ ለጊዜው ይልቀቃቸው ብሏል። መጀመሪያ የተጠራው የኛ ቤት ነው።

«አራስ ልታስወጣ ነው የመጣኸው?» አሉት አማቴ።

«እኔ አይደለሁም እማማ፣ ሽማግሌው ነው።»

«እሱ እናት አልወለደችውም? አራስ ምን እንደሆነች አታውቅም ወይ በለው።»

«ይህንን ልተርጉም?»

«ሳትቀንስ!»

ከውስጥ ሆኜ ሳቅሁ፤ ልቤ ግን አልሳቀም። የነፍስ አባቴም ይህን ሰምተው ምድር በዓል የምታከብር ከሆነ ምን ክፉ ታመጣለች አሉ። ተቀመጥን።

በሰኔ ሚካኤል ረፋዱ ላይ ከመንገድ ማዶ ጩኸት ሰማሁ። የአስተርጓሚው ድምፅ ነው።

«አንቺ ሴትዮ፣ ምን ታደርጊያለሽ?»

«ምን አደረግሁ? እግሬን አላስገባሁም።» ጎረቤቴ ናት።

«እግርሽን ማን ጠየቀሽ! እጅሽ ላይ ያለው ምንድን ነው?»

«ቅል ነዋ። ሐረር ቅል የለም?»

«ውስጡ ያለውን ነው የምልሽ!»

«ጠበል ነው። ከቤተ ክርስቲያን መምጣቴ ነው። የተረፈኝን መንገድ ላይ ላፍስሰውና ያንተ በቅሎ ትርገጠው?»

«ሁልጊዜ ነው እዚህ የምታፈሽው?»

«ሁልጊዜ ማን ጠበል ሰጠኝ? በበዓል ነው እንጂ። በሥላሴ፣ በሚካኤል፣ በማርያም።»

 የአስተርጓሚው ድምፅ ቀነሰ።

«ሌሎቹስ?»

«ሁላችንም ነን። አገሩ በሙሉ! እናንተ አይደላችሁ እንዴ ያጠራችሁልን?»

ሽማግሌው ተጠራ። እርጥብ መሬት ኃይሉን ከደረቁ ይልቅ አጥብቆ ያሳልፍ ኖሯል፤ መርፌዋን በየበዓሉ ሲያስነሣት የኖረው የእኛ ጠበል ነው። ሽማግሌው ድንጋይ ላይ ቁጭ አለ አሉ። መጀመሪያ ራሱን ያዘ፤ ቀጥሎ መሳቅ ጀመረ፤ እንባው በጢሙ ላይ እስኪወርድ ሳቀ። ሰዉም ተከትሎ ሳቀ። ለካ ከመቂም እንዲሁ ያለ ወሬ መጥቶ ነበር፤ እዚያ ደግሞ ሰዎች ዘንጎቹን ቅቤ ቀብተው እርጥብ ሣር አስረውባቸዋል።

«ለምን ቀቡት?» አለች ጎረቤቴ።

«የታጠረና የተከበረ ነገር ዝም ብሎ አይታለፍም ብለው።»

«ዱጋ ነው!» አለች። እውነታቸውን ነው ማለቷ ነው።

የነፍስ አባቴም እዚያ ነበሩ። «ምድር ባታከብር እኛ አክብረናል፤ ምን ጎደለ?» ሲሉ ሰማሁ። ድምፃቸው ግን ተሰብሮ ነበር።

ሽማግሌው ዘንጎቹን አንድ በአንድ ከካርታው እንዲሰርዙ አዘዘ። ማስጠንቀቂያውም ተነሣ። አማቴ ገንፎ እያገላበጡ፣ «ጠበል ነው ሊያሰድደን የነበረው!» እያሉ ይስቃሉ። እኔም ከመደቡ ላይ እስቃለሁ። ልጄ ከሳቄ የተነሣ ጡቴን ለቀቀች።

ከዚያ ሳቄ ቆመ።

ከጓሮዬ ያለው ዘንግ የማንም መንገድ አይደለም። እዚያ የማፈስሰው እኔ ብቻ ነበርሁ። ከወለድሁ ወዲህ ደግሞ ቤተ ክርስቲያን አልሄድሁም፤ ጓሮም አልወጣሁም።

«እማማ» አልኋቸው፣ «እርስዎ ጓሮ ካለው ዘንግ ጠበል አፍስሰው ያውቃሉ?»

«እኔ? በዚህ ጉልበቴ ያንን እሾህ ልዞር? የኔን ከደጅ ቁልቋሉ ሥር ነው የማፈስሰው። ምነው?»

  በበሩ በኩል አስተርጓሚውን ተጣራሁ። አራስ ወንድ አትጣራም፤ ተጣራሁ።

«የኛን አትሰርዙት» አልሁት። «እዚያ ከወለድሁ ጀምሮ ውሃ ያፈሰሰ የለም።»

ደጅ የነበረው ሳቅ ቀስ በቀስ ቆመ። አስተርጓሚው ለሽማግሌው ነገረው። ሁለቱ በራሳቸው ቋንቋ ሲነጋገሩ ቆዩ። ከዚያ አስተርጓሚው ወደ በሩ ተጠጋ።

«እመቤቴ፣ የሌሎቹ መርፌ ትወጣለች ትወርዳለች። የናንተዋ ወርዳ አታውቅም። ትወጣለች ብቻ።»

«ከመቼ ጀምሮ?»

«ከተተከለ።»

አማቴ የገንፎውን ማማሰያ እንደያዙ ቀሩ። አስተርጓሚው ራሱን እያከከ ቆየና ፊቱ በራ።

«አራስ አይደለሽ? ከትራስሽ ሥር ብረት አለ!»

«ማጭድ አለ።»

«እሱ ነው! ከግድግዳው ወዲህ ብረት፣ ከግድግዳው ወዲያ መርፌ። መርፌ ብረት ትወዳለች። አውጡትና እንይ።»

«ብረቱን ካወጣችሁ እኔን አስቀድማችሁ ቅበሩኝ!» አሉ አማቴ። ማማሰያውን እንደያዙ በሩ ላይ ቆሙ።

ልጄ ተኝታለች። ማጭዱ ከሥሬ ነው፤ እጀታው ከእጄ ላብ የተነሣ ለስልሷል። በእምነቴ የማፍር ሴት አይደለሁም፤ ብረቱን ከልጄ ራስጌ ማንሣት ግን በገደል ጫፍ ላይ እጇን መልቀቅ መሰለኝ። እመቤቴ ሆይ፣ አንቺ ያዢልኝ አልሁ። ማጭዱን ስቤ አወጣሁት።

«ይውሰዱት እማማ።»

«አንቺ ልጅ!»

«ይውሰዱት።»

አማቴ አልነኩትም። ጎረቤቴ ገብታ ተቀበለችኝና ይዛው እስከ ባቡሩ ሐዲድ ድረስ ሄደች። እኛ ጠበቅን። እኔ ልጄን እያየሁ ነበር። ትንፋሿ ሲወጣ ሲገባ አያለሁ። ሽማግሌው ከጓሮ ከሣጥኑ ላይ አጎንብሷል፤ በግድግዳው ስንጥቅ ጥላውን አየዋለሁ። ብዙ ቆየ። 

አስተርጓሚው በበሩ ሲመለስ ፊቱ ላይ ቀልድ አልነበረም።

«አልወረደችም» አለ።

ሽማግሌው ከኋላው አንድ አጭር ነገር ተናገረ። አስተርጓሚው መሬት መሬት ያይ ጀመር።

«ምን አለ?» አልሁት።

«ዛሬውኑ ውጡ ነው ያለው።»

«አትወጣም» አሉ አማቴ። ወደኔ ዞሩ። ስንት ዘመን ያልተናገሩትን ያን ጊዜ ተናገሩት። «ያንን ልጅ ረሳሽው?»

አልረሳሁትም። ቀን ከሌት አብሮኝ ነው። ክርስትና ሳይነሣ በእጄ ላይ የቀዘቀዘውን ልጅ እንዴት እረሳለሁ? ይህችንም ይዤ ብወጣና ያ ቢደገም ከዚያ በኋላ በምን ፊቴ ቤተ ክርስቲያን እቆማለሁ? ብቀመጥስ? ከግድግዳው ወዲያ የምትወጣ እንጂ የማትወርድ መርፌ አለች።

ልጄን አየኋት። ብረቱ ከራስጌዋ ከራቀ ቆይቷል። እሷ አሁንም ትተነፍሳለች። የያዛት ብረቱ አልነበረም። ይህ ሐሳብ ከየት እንደመጣ አላውቅም፤ እግሬ ግን ከመደቡ ወረደ።

«እማማ፣ ክርስትናዋ ሳይደርስ ብትሞትብኝ እኔን ይውቀሱ» አልሁ። «ቤቱ ቢጫናት ግን ማንን እንወቅሳለን?»

አማቴ እያለቀሱ ጋቢያቸውን አለበሱኝ። ሽማግሌው ጥላውን ዘረጋልኝ። እንዲህ ሆኜ፣ አራስ በቀትር፣ በጣቢያው በኩል ወዳለው ወደ ጎረቤቴ ቤት ሄድሁ። ሴቶች በየደጁ ወጥተው አዩኝ።

«ጠበል ለፈረንጅ የሠራውን አየን፤ ፈረንጅ ለአራስ የሚሠራውን ደግሞ እናያለን!» አለች አንዷ።

«ጥላውስ አምሮባታል!» አለች ሌላዋ።

ጎረቤቴ ዞር ብላ በኦሮምኛ አንድ ነገር አለቻቸው። ምን እንደሆነ አልጠየቅኋትም፤ በሮቹ ግን ተዘጉ።

በሰኔ ማብቂያ ዝናቡ ጠና። ቤታችን አልወደቀም። መሬቱም አልተነቃነቀም። ልጄ ግን ማሳል ጀመረች። አንድ ቀን ጡት አልይዝ አለች። ገላዋ ፈጀኝ። አማቴ ጥግ ተቀምጠው ያዩኛል፤ አይናገሩም። ያንን ዝምታ አውቀዋለሁ። ሽማግሌው ሊጠይቀኝ ቢመጣ አላነጋገርሁትም። በልቤ ተራገምሁበት፤ እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ።

በዚያው ሰሞን ከቀትር እስከ ምሽት እንደዚያ ያለ ዝናብ አይቼ አላውቅም። ማታ አማቴ ቀስ ብለው፣ «ነገ ትመለሻለሽ» አሉኝ። «እሺ» አልሁ። ልጄ ሞት ካልቀረላት በቤቷ ትሙት ብዬ ነው እሺ ያልሁት።

ማለዳ ሰማዩ ጠርቶ ነበር። አማቴ መጥረጊያቸውን ይዘው ቤቱን ሊያሰናዱልኝ ቀደሙኝ። እኔ ልጄን እየጠቀለልሁ ነበር። ብዙም ሳይቆዩ ተመለሱ። በሩ ላይ ቆሙ። መጥረጊያው በእጃቸው ነው።  

«እማማ?»

«መደቡ» አሉ።

«መደቡ ምን ሆነ?»

«መደቡ የለም።»

ልጄን እንደያዝሁ ሮጥሁ። ጋቢም ጥላም አላልሁም።

ከቦኩ የወረደው ጎርፍ ሜዳውን አቋርጦ ወደ ቤቴ ይመጣል። ቤቴ ጋ ሲደርስ ይጠፋል። መጀመሪያ ያየሁት ይህንን ነው፤ ውሃ መጥቶ መጥቶ ሲጠፋ። ድምፅ አልነበረውም። ስጠጋ መሬቱ በሜዳው ርዝመት እንደ ጨርቅ ተተርትሮ አየሁ። ዘንጉ የለም፤ የእሾህ አጥሩ የለም። የጓሮው ግድግዳ የለም። ቤቴ ግማሽ ነው። መደቡ ከነበረበት ወዲህ ወለሉ በቢላ እንደተቆረጠ ዳቦ ቀጥ ብሎ ተቆርጧል። በተረፈው ወለል ላይ ገንፎ የምበላበት ጣባ ቁጭ ብሎ ነበር። ከጨለማው ውስጥ ለብ ያለ እንፋሎት ወጥቶ ፊቴን ነካኝ፤ የሶደሬ ውሃ ይሸታል።

ከዚያ በኋላ ምን ያህል እንደቆምሁ አላውቅም። ሰው ተሰብስቧል፤ በበሩ ሆና የሳቀችብኝም ሴት አለች።  ሽማግሌው ሮጦ መጣ። ስንጥቁ ከሰማያዊውና ከጥቁሩ መስመር ቀጥሎ እሱ በጠበቀው ቦታ መሆኑን አይቷል፤ ደስ ይለዋል ብዬ ነበር። ባርኔጣውን አወለቀ። ባርኔጣው ከእጁ አምልጦ ወደቀ፤ ተንከባልሎ ገባ። ሲያርፍ ማንም አልሰማም።

ወደኔ መጥቶ የልጄን እግር በጣቱ ነካ።

«ስሟ ማን ነው ይላል» አለ አስተርጓሚው።

«ገና ክርስትና አልተነሣችም» አልሁ።

ያን ጊዜ ልጄ አለቀሰች። ስንት ቀን ያላለቀሰችውን በሙሉ ድምፅዋ አለቀሰች። እዚያው፣ ሰው ፊት፣ ድንጋይ ላይ ተቀምጬ ጡቴን ብሰጣት ያዘች። አማቴ መጥረጊያቸውን ጥለው አጠገቤ መሬቱ ላይ ተንበረከኩ። ግንባራቸውን ጉልበቴ ላይ አኖሩ።

ባለቤቴ ከመተሐራ ሲመለስ ግማሽ ቤትና ሙሉ ቤተሰብ አገኘ። ሌላ ጭቃ ቤት ከጣቢያው ወዲህ ሠራ። ፈረንጆቹ ክረምቱ ሳይወጣ ዘንጋቸውን ነቅለው፣ ካርታቸውን ጠቅልለው በመጡበት ባቡር ሄዱ። አስተርጓሚው ሽማግሌው ተመልሶ ይመጣል ብሎን ነበር። ኋላ ጦርነቱ መጣ፤ አልተመለሱም። ያ ኃይል ምን እንደሆነ፣ ዛሬ በየትኛው ቤት ሥር እንደሚሄድ አላውቅም። ሽማግሌውን ግን በጸሎቴ ሳልጠቅሰው የዋልሁበት ቀን የለም። ሃይማኖቱን አላውቅም፤ ጥላውን አውቃለሁ።

ልጄ በሰማንያ ቀኗ ክርስትና ተነሣች። ክርስትና እናቷ ጎረቤቴ ሆነች። ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ አማቴ የተረፈውን ጠበል በቅል ይዘው ነበር። ሰዎች በስንጥቁ ዙሪያ ከብት እንዳይገባ እሾህ አጥረውበታል። አማቴ መንገድ ላይ ቆሙ፤ ወደዚያ አዩ።

«እንግዲህ እግር የማይረግጠው ቦታ ይኸው» አሉ።

አብረን ሄድን። አማቴ ቅሉን በእሾሁ ላይ አሳልፈው ዘነበሉት። ውሃው ወረደ። ሁላችንም፣ ልጄም ጭምር ይመስለኛል፣ ትንፋሻችንን ይዘን አዳመጥን።